ኬዝያ የምትባለው ምድጃ

ያንግስታውን፣ ኦሃዮ
ፌብሩዋሪ 12 ቀን 1879

ለተከበሩ አቶ አሳፍ ዊትመር
የዊትመር ብረትና አረብ ብረት ኩባንያ ፕሬዚዳንት
ስቶን ሊክ፣ ፔንሲልቬንያ

ክቡር ሆይ፤

እንደምን ሰነበቱ? እኔ ደህና ነኝ። ይህን የምነግርዎ ስለጠየቁኝ አይደለም፤ አልጠየቁኝም። ካገባሁ ወዲህ የመጀመሪያዎ በሆነው ደብዳቤ የጠየቁኝ ሁለት ነገር ብቻ ነው። አንደኛ፣ ችቦው የት እንዳለ። ሁለተኛ፣ ልጅ ወልጃለሁ መባሉ እውነት መሆኑን። መጀመሪያ ችቦ፣ ቀጥሎ የልጅ ልጅ። እንደ ልማድዎ ነው፤ አልገረመኝም።

እኔም በእርስዎ ተራ ልመልስ። ችቦው እኔ ዘንድ ነው። እናቴ በሞተች ዓመት፣ ገና ልጅ ሳለሁ፣ ነጭ ቀሚስ አልብሰው በሠራተኛው ሁሉ ፊት አቁመውኝ «ለኩሺ» ያሉኝ እርስዎ ነዎት። ለኮስኩ። የብረት ማቅለጫ ምድጃዋም በስሜ ኬዝያ ተባለች። በስቶን ሊክ ሸለቆ ወግ ደግሞ ችቦው የለኳሿ ነው፤ እስክትሞት ከእጇ አይወጣም። ስለዚህ ሰርቄ አልወጣሁም፤ የራሴን ይዤ ነው የወጣሁት። አሁን የዶሮ ቤቴን በር ደግፎ ይዞልኛል። የነሐስ እጀታው ከባድ ስለሆነ ነፋስ አይጥለውም። ከዚህ የተሻለ ሥራ አግኝቶ አያውቅም።

የምድጃዋ ውስጥ ጡብ ተበልቶ አልቋል፣ አዲስ ተደርድሮላት ስትለኮስ «ሉሲንዳ» ትባላለች ብለው ጽፈዋል። ለአዲሷ ሚስትዎ ለወይዘሮ ሉሲንዳ እንኳን ደስ አለዎት ይበሉልኝ። የሚነድ ምድጃ ስሙ እንደማይለወጥ፣ እሳቱ ጠፍቶ በሌላ ሴት እጅ መለኮስ እንዳለበት እኔም አውቃለሁ። የሄድኩ ዕለት እኔን ከልጅነት ለመፋቅ አንድ ምሽት በቅቶዎት ነበር። ስሜን ከምድጃው ለማውጣት ግን እሳቷ እስኪጠፋ እነዚህን ሁሉ ዓመታት ጠበቁ። ከእኔ ይልቅ እሷን ፈርተዋል ማለት ነው።

ልጅ ወልጃለሁ። ወንድ ይሁን ሴት፣ ስሙም ማን እንደሆነ አልነግርዎትም። ብነግርዎ ምድጃ ላይ ይለጥፉታል።

አንድ ነገር ልጨምር። በሁለት ገጽ ውስጥ ባለቤቴን «ያ ሰውዬ»፣ «ያ ዌልሳዊ»፣ አንድ ቦታ ላይም «ጓደኛሽ» ብለውታል። ስም አለው። ጎመር ፕሮሰር ይባላል። የምድጃዎ ጠባቂ ሆኖ እሳቷን ሲያነድልዎና ብረቷን ሲያፈስልዎ ከጠዋት እስከ ማታ «ጎመር! ጎመር!» እያሉ ነው የኖሩት። ምላስዎ የተሳሰረው እኔን ያገባኝ ጊዜ ነው።

አክባሪዎ፣
ወይዘሮ ኬዝያ ፕሮሰር


ስቶን ሊክ
ፌብሩዋሪ 24 ቀን 1879

ኬዝያ፤

«ክቡር ሆይ» ማለት ከመቼ ወዲህ ነው? እኔ ያሳደግኳት ልጅ «አባዬ፣ አንተ» እያለች ጢሜን ትጎትት ነበር። ኦሃዮ ያስተማረሽ አንቱታ ይህ ከሆነ ለራስሽ አስቀምጪው።

ችቦውንም አብረሽ አስቀምጪው፤ ዶሮዎችሽን ይጠብቅ። ፊላደልፊያ አዝዤ እጀታው በብር የተለበጠ አዲስ አሠርቻለሁ። የምድጃው ሠራተኞች አለቃ ኢኖስ ትሮክስል ትናንት ቢሮዬ መጥቶ፣ ኮፍያውን በእጁ እያዟዟረ፣ ሠራተኞቹ በድሮው ችቦ ብትለኮስ ደስ ይላቸዋል አለኝ። ሚስትና የልጅ ልጅ ያለው ሰው! ምድጃ የሚያቀጣጥለው እሳት ነው እንጂ እንጨት አይደለም ብዬ ወደ ሥራው ሰደድኩት። ለውጥ ባየ ቁጥር የሚበረግግ ሕዝብ ይዤ ነው ይህን ሁሉ ያቆምኩት።

ይህን ሁሉ ስል ምን እንደሆነ ታውቂያለሽ። አባቴ በወንዙ ዳር፣ በእንጨት ከሰል፣ ከጋጣ በማትበልጥ ምድጃ፣ ድስትና የማረሻ ጫፍ እየሠራ ነው የሞተው። ጎረቤቶቹ ሁሉ ያንኑ እየሠሩ ነው የሞቱት። እኔ ነኝ ተራራውን ቆፍሬ የድንጋይ ከሰል ያወጣሁት፣ ባቡሩን እስከ በራችን ያስመጣሁት፣ ሐዲድ መሥራት የጀመርኩት። ያኔ የሳቁብኝ ሁሉ ዛሬ የእኔን ደመወዝ ይበላሉ። ለማንም ጎንበስ ብዬ አላውቅም። ኮፍያዬን የማወልቀው ቀልጦ ለሚፈስ ብረት ብቻ ነው፤ ለእሱ ሁልጊዜ አወልቃለሁ። ሰው ግን ይህን ከእኔ አይጠብቅ።

ያልሽው ሰውዬም አይጠብቅ። በማዕዴ አስቀምጬ ሾርባዬን አብልቼው፣ ልጄንም የምድጃዬን ጠባቂም በአንድ ባቡር ነው ያጣሁት። ስሙን ብዕሬ አይጽፈውም።

ሥነ ሥርዓቱ ኤፕሪል 19 ነው፤ የሉሲንዳ የልደት ቀን ነው። የግዛቱ አስተዳዳሪ እመጣለሁ ብሏል።

የወለድሽው ሴት መሆን አለባት፤ በዊትመር ቤት መጀመሪያ የሚወለደው ሴት ነው። በሚቀጥለው ዓመት ሁለተኛ ምድጃ እናቆማለን፣ ለእሱም ስም ያስፈልጋል። የልጅቷን ስም ጻፊልኝ።

አባትሽ፣
አሳፍ ዊትመር


ያንግስታውን
ማርች 20 ቀን 1879

አቶ ዊትመር፤

እኔ እኮ ቀልዴን ነበር። የልጄን ስም ምድጃ ላይ ይለጥፉታል ያልኩዎት ለነገር ማጣፈጫ ነበር፤ እርስዎ ደግሞ ዓይንዎን በጨው አጥበው ለሁለተኛው ምድጃ ስም ይጠይቁኛል! ደብዳቤዎን ለጎመር ጮክ ብዬ አነበብኩለት። እሱ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም።

ስለ ኩባንያው ታላቅነት የጻፉትንም አነበብኩለት። አንድ ነገር ረስተዋል። «ብረትና አረብ ብረት ኩባንያ» የሚለውን ሰሌዳ በወርቅ ቀለም አስጽፈው በር ላይ ያሰቀሉት አንዲት ምስማር የምታህል አረብ ብረት ሳይሠሩ ነበር። ሦስት ክረምት ሙሉ ሰሌዳው አረብ ብረት ሲል እኛ በተራ ብረት ስንኖር ትዝ ይለኛል። መንገደኛ ሲጠይቅ «እየመጣ ነው» ይሉ ነበር። ሁልጊዜም ስሙን ያስቀድሙና ነገሩ እስኪደርስ ሰውን ያስጠብቃሉ።

አሁንም ያንኑ ሊያደርጉ ነው። የኢኖስ ትሮክስል ሚስት ደብዳቤ አትነሳኝም፤ ስለ እርስዎ የምትጽፍልኝ ደግሞ ሐሜት አይደለም፣ ፈርታ ነው። ጡቡ ዘግይቶ ነው የመጣው አሉ። ግንበኞቹ ከኤፕሪል መጀመሪያ በፊት አይጨርሱም አሉ። ቀኑን ግን አላዛወሩትም።

ትንሽ ሳለሁ ባዶ ምድጃ ውስጥ አስገብተውኝ እጄን አዲስ ጡብ ላይ አስደግፈውኝ ያሉኝን ረሱት? እኔ አልረሳሁም። «ላዩ ደረቅ ነው፣ ውስጡ ግን ውሃ ደብቋል። በእንጨት እሳት ለሳምንታት ቀስ ብለሽ ካላደረቅሽው ይከዳሻል» ነበር ያሉኝ። ይህን ከማንም አልተማርኩም፤ ከእርስዎ ነው። እና አሁን እርጥብ ጡብ ውስጥ ትልቁን እሳት የሚለቁት ለምንድን ነው? አስተዳዳሪው ስለሚመጡ? ኬክ ስለታዘዘ?

ቀኑን ያዛውሩ። ይህን የምለው ለእርስዎ አዝኜ አይደለም። ያቺ ምድጃ ብትሞት መቶ ቤት ጭስ አይወጣበትም፤ የኢኖስም ቤት ከእነሱ አንዱ ነው።

ኬዝያ ፕሮሰር


ስቶን ሊክ
ኤፕሪል 22 ቀን 1879

ኬዝያ፤

በሥራ ተወጥሬ ስለሆነ አጭር ነው የምጽፍልሽ። ምክርሽ ደርሶኛል። ከዶሮ ቤት የሚመጣ ምክር የምሰማበት ዕድሜ ላይ ገና አልደረስኩም።

ሥነ ሥርዓቱ ደስ ብሎ ተፈጸመ። የማርሽ ባንዱ ከሃሪስበርግ ነው የመጣው። ልጃገረዶቹ ሁሉ ነጭ ለብሰው ነበር። ኬኩ በምድጃዋ አምሳያ የተሠራ ነው፤ ቁመቱ የሰው ደረት ይደርሳል፣ ከአናቱ የሚወጣው ጭስ ከስኳር ተፈትሎ ነው። አስተዳዳሪው የጭሱን ጫፍ ቆርሶ ሲበላ ሰው ሁሉ አጨበጨበ። ሉሲንዳ ሰማያዊ ሐር ለብሳ ነበር። ችቦውን ይዛ ቀጥ ብላ ተጠጋች፤ አንቺ ወደ ኋላ ብለሽ እንደነበር አስታውሳለሁ። እሳቱ ወዲያው ያዘ። አስተዳዳሪው እንዲህ ያለ ነገር አላየሁም አለኝ። ጋዜጣውን ልኬልሻለሁ፤ አንብቢና ለሰውዬሽም አሳዪው።

ሌላ የምጽፈው የለኝም።

አባትሽ


ያንግስታውን
ሜይ 7 ቀን 1879

አቶ ዊትመር፤

ስለ ኬኩ የጻፉትን አነበብኩ። ስለ ባንዱም፣ ስለ ሐሩም፣ ስለ ስኳሩ ጭስም። ስለ ብረቱ አንዲት ቃል የለም። እኔ እኮ የእርስዎ ልጅ ነኝ። በልጅነቴ ማታ ቤት ሲገቡ ከሰላምታ በፊት ምን ያህል ብረት እንደፈሰሰ ነበር የሚነግሩን። አሁን ስለ ኬክ አንድ ገጽ ሲጽፉልኝ አንድ ነገር ብቻ ነው የገባኝ።

ቀዘቀዘች፤ አይደል?

አይመልሱልኝ፤ ከኢኖስ ሚስት ሰምቻለሁ። እንግዶቹ ባቡር ላይ ሳይሳፈሩ ጡቡ ውስጥ የነበረው ውሃ ፈልቶ መሰንጠቅ ጀመረ አሉ። ሳምንቱ ሳያልቅ ታችኛው ሆዷ ውስጥ ብረቱ ረግቶ አንድ ቋጥኝ ሆነ አሉ። እንዲህ የረጋውን ብረት ድብ ይሉት የለ፣ ሠራተኞቹ «ድቡ ተኝቷል» እያሉ ነው አሉ። አስተዳዳሪው ደግሞ ያንን አላዩም፤ እሳቸው ያዩት ኬኩን ነው።

እኔ ይህን ስሰማ እሰይ የምል መስሎኝ ነበር። ለብዙ ዓመት ተዘጋጅቼበት ነበር። ጎመር ግን ምሳውን ሳይጨርስ ተነስቶ ወጣ። የእሱ እጅ ነው ያቺን ምድጃ ለዓመታት ያኖራት፤ እኔ ስሟ ብቻ ነኝ። ሲመለስ እዚያ ያሉትን ሰዎች እየቆጠረ፣ ማን ልጅ እንዳለው፣ ማን እናት እንደሚጦር ይናገር ነበር። እርስዎን አልወቀሰም። እኔ ግን ወቅሼዎታለሁ፣ አሁንም እወቅስዎታለሁ፤ ምክንያቱም ሳያውቁ አይደለም። ያለማወቅ ይቅር ይባላል።

ኬዝያ ፕሮሰር


ስቶን ሊክ
ጁን 9 ቀን 1879

ኬዝያ፤

ጤናሽ እንዴት ነው? የልጅሽስ? ይህን መጀመሪያ የጠየቅኩት ልብ እንድትይልኝ ነው።

እውነት ነው፤ ቀዝቅዛለች። ጡቡ ደርቋል ብዬ ነበር። አልደረቀም ነበር። አውቅ ነበር። እንግዲህ ይህን በጽሑፍ አግኝተሻል፤ በፍሬም አድርገሽ ልትሰቅይው ትችያለሽ።

ያንን ቋጥኝ በባሩድ እየሰነጠቅን ነው የምናወጣው። ደረቷን ከፍተን በጎን በኩል እየጎተትን ነው። ጡቡ እንደገና እየተሠራ ነው፤ በዚህ ጊዜ በማድረቁ ማንም አያስቸኩለኝም። ሴፕቴምበር ላይ የፊላደልፊያ ሸሪኮች መጥተው ያዩዋታል። ያን ጊዜ ነዳ ካገኟት ኩባንያው ይቀጥላል። ካላገኟት ይዘጉታል፤ ቁርጡን ነግረውኛል።

ችግሩ ጡቡ አይደለም። ሠራተኞቹ ናቸው። ኢኖስ ትሮክስል ሁሉንም ወክሎ መጥቶ፣ ኬዝያ በድሮው ችቦ ካልለኮሰቻት አጠገቧ አንቆምም አለኝ። ምድጃዋ ስሟን ስለተቀማች ተቆጥታለች ይላሉ። እርጥብ ጡብ እንደሆነ ነገርኳቸው። «እርጥብ ጡብ ውስጥ ትልቁን እሳት ያስለቀቀዎት ማን ሆነና?» አለኝ። ይህን ሁሉ ጊዜ ሲቅለሰለስልኝ የኖረ ሰው ዓይኔ ውስጥ እያየ ነው ይህን የሚለኝ።

እኔ በዚህ አላምንም። ንግርታቸውን እንቃለሁ፤ ያንንም አልደብቅሽም። ግን ጠባቂ የሌለው ምድጃ አይነድም። ስለዚህ እንድትመጪ እጠይቅሻለሁ። የባቡር ትኬቱን እልካለሁ። የድሮ ክፍልሽ እንዳለ ነው። ስሟም እንደ ድሮው ኬዝያ ይሆናል፤ ሉሲንዳን ነግሬያታለሁ፣ ወደ እናቷ ቤት ሄዳለች።

ልጅቷን ይዘሽ ነይ። ያንን ሰው ይዘሽ መምጣት የለብሽም።

አባትሽ


ያንግስታውን
ጁላይ 1 ቀን 1879

አቶ ዊትመር፤

እመጣለሁ። ችቦውን ከዶሮ ቤቱ በር አንስቼ፣ ኩሱን አጥቤ፣ ነሐሱን ወልውዬ ይዤ እመጣለሁ። ነጭ ቀሚስም እለብሳለሁ። በሠራተኛው ሁሉ ፊት እቆማለሁ፤ አስተዳዳሪው እንኳን ቢመጡ አላፍርም። ትኬት አይላኩልኝ፤ የባቡር መሳፈሪያ አለን።

የምጠይቅዎ አንድ ነገር ነው። የባለቤቴን ስም ይጻፉልኝ። ሙሉ ስሙን፣ ሳያጣምሙ፣ «ልጄን ያገባው ጎመር ፕሮሰር» ብለው። አንድ መስመር ይበቃል። ይቅርታ ይጠይቁት አላልኩም፤ ያንን ከእርስዎ መጠበቅ ጅልነት ነው። ብረት በፈሰሰ ቁጥር ኮፍያዎን ያወልቁ የለ? ብረቱን ያፈሰሰልዎ እኮ እሱ ነው። ለብረቱ ካወለቁ፣ ስሙን መጻፍ ምን ይከብድዎታል?

እሱ ይህን ደብዳቤ አላየም። ቢያይ እንዳልልከው ይለምነኝ ነበር። «እንሂድላቸው፣ ስም ምን ያደርጋል» እያለ ነው፤ ሻንጣውንም አልጋ ሥር አዘጋጅቷል። ስም ምን እንደሚያደርግ እኔና እርስዎ እናውቃለን። ያለ እሱ አንድ እርምጃ አልሄድም፤ ስሙ ሳይጻፍ ደግሞ እሱን እዚያ ቤት በር ላይ አላቆመውም።

መልስዎን እጠብቃለሁ።

ኬዝያ ፕሮሰር


ስቶን ሊክ
ጁላይ 12 ቀን 1879

ኬዝያ፤

አልጽፍም።

ልትሳደቢ ብዕር ከማንሳትሽ በፊት ልንገርሽ። ምድጃዬን ይዘሽ፣ መቶ ቤት ይዘሽ፣ የሴፕቴምበርን ቀን ይዘሽ «ጻፍና እመጣለሁ» ትይኛለሽ። ይህ ስም መጠየቅ አይደለም፤ መግዛት ነው። ብጽፈው ምን ይዘሻል? የተጨነቀ ሽማግሌ ተገዶ የጻፈው ወረቀት። ነገ «ምድጃው ጨንቆት ነው» ብለሽ ትስቂበታለሽ፤ እውነትሽንም ይሆናል። እሱም ቢሆን በዚህ መንገድ የተገኘ ስም ምን ያደርግለታል?

እኔ በዘመኔ ብዙ ነገር በዋጋ ሰጥቻለሁ። ቃሌን ግን በዋጋ ሸጬ አላውቅም። የምንቀውን ሰው ባስፈለገኝ ጊዜ አክብሬ፣ ሲበቃኝ አልጥልም። ያንን የሚያደርጉት የፊላደልፊያ ሰዎች ናቸው።

አሁንም ያንን ሰው እንደናቅኩት ነኝ። በጓሮ በር ነው የወሰደሽ። ቢጠይቀኝ ኖሮ እምቢ እለው ነበር፣ እሱም ይህን ያውቅ ነበር፤ ግን መጠየቅ ነበረበት። ፊት ለፊቴ ቆሞ እምቢታዬን መስማት ነበረበት። እሳት ፊት የሚቆም ሰው እኔ ፊት መቆም አቃተው?

ኑ፤ ወይም አትምጡ። ኢኖስን ለማሳመን ሌላ መንገድ እፈልጋለሁ።

አባትሽ


ያንግስታውን
ኦገስት 2 ቀን 1879

አቶ ዊትመር፤

እንግዲያው ይቅር። ችቦው ወደ ዶሮዎቹ ተመልሷል።

አንድ ነገር ብቻ ላርምዎ። ጎመር ሊጠይቅዎ መጥቶ ነበር። ከመሄዳችን በፊት በነበረው እሑድ፣ ጸጉሩን በውሃ አስተኝቶ፣ የወንድሙን ኮት ተውሶ ቢሮዎ ደጃፍ ቆሞ ነበር። በጸሐፊዎ በኩል «ደመወዝ ጭማሪ ከሆነ ሰኞ ይምጣ» ብለው መለሱት። ይህን የነገረኝ ራሱ ነው፤ እንዳልነግርዎም አስምሎኝ ነበር። መሐላዬን አፍርሻለሁ። በጓሮ በር የወሰደኝ በፊት በር ስለመለሱት ነው።

ከእንግዲህ አልጽፍልዎትም።

ኬዝያ ፕሮሰር


ስቶን ሊክ
ኦክቶበር 15 ቀን 1879

ለልጄ ለኬዝያ፤

ሰላም ላንቺ ይሁን፤ ለቤትሽም።

አልጽፍም ብለሽኛል፤ መብትሽ ነው። መልስ እንድትሰጪኝ አይደለም ይህን የምጽፈው። ነገሩን ከጋዜጣ ከምትሰሚው ከእኔ ይሻላል ብዬ ነው።

አልቋል። ሸሪኮቹ በቀኑ መጡ። ጡቡ ደርቆ፣ ከሰሉ ተሞልቶ፣ አጠገቧ የሚቆም ሰው ግን አልተገኘም። እኔና አዝኖልኝ የመጣው ኢኖስ ብቻችንን ቆመን አዩን። ሳቁ። አንደኛው በዱላው ጡቧን መታ መታ አድርጎ «ቆንጆ ሐውልት ናት» አለ። ኩባንያው ተዘግቷል። ምድጃዋን አፍርሰው ብረቱን ይሸጡታል፤ ጡቡን የመንደሩ ሰው ለአሳማ ቤት እየወሰደው ነው፣ ይውሰደው። ሰሌዳውን ትናንት አወረዱት። «አረብ ብረት» የሚለው ጋ ሲደርሱ ተሰበረ፤ ብታይ ደስ ይልሽ ነበር።

ቤቱም የኩባንያው ነው። ሉሲንዳ አልተመለሰችም። አሁን ኢኖስ ትሮክስል ቤት፣ ኩሽናው ጀርባ ባለችው ክፍል ነኝ። ሚስቱ ሾርባ ትሰጠኛለች። ለአንቺ እንደምትጽፍልሽ ስለማውቅ ሳህኔን ራሴ አጥባለሁ። ቤተሰቦቹ በየባቡሩ እየሄዱ ነው። ጣቢያው ላይ ቆሜ እሸኛቸዋለሁ። አንዳንዱ ይጨብጠኛል፣ አንዳንዱ ምራቁን ይተፋል። ሁለቱም ልክ ናቸው።

ባለፈው ሳምንት ምድጃዋን ማፍረስ ከመጀመራቸው በፊት ሄጄ ፊቷ ቆምኩ። ኮፍያዬን አወለቅኩ። የሚፈስ ነገር አልነበረም። ለማን እንዳወለቅኩ ትንሽ ቆይቶ ነው የገባኝ።

አሁን የምትለኩሽልኝ ምድጃ የለኝም። የምትመጪበት ቤትም የለኝም። ከአንቺ የምፈልገው ምንም ነገር የለም፤ ይህን ልብ በዪልኝ። ስለዚህ አሁን መጻፍ እችላለሁ።

ልጄን ያገባው ጎመር ፕሮሰር ሰላምታዬ ይድረሰው። ጎመር ፕሮሰር በዚያ እሑድ ደጃፌ ቆሞ እንደነበር አላወቅኩም ነበር ብል ውሸት ነው፤ በመስኮት አይቼው ነበር። ኮቱ እጁ ላይ አጥሮት ነበር። ለምን እንደመጣ አውቄ ነው የመለስኩት። በጓሮ በር ወሰደሽ እያልኩ የኖርኩት ይህን እያወቅኩ ነው። ጎመር ፕሮሰር ከእኔ የተሻለ ሰው ነው፤ የምድጃ ጠባቂም ሆኖ፣ ሰውም ሆኖ።

ችቦውን ያዥው። የልጅቷን ስም አልጠይቅሽም።

አባትሽ፣
አሳፍ ዊትመር


ያንግስታውን
ኦክቶበር 21 ቀን 1879

አባዬ፤

አንተ ግትር ሽማግሌ። ሁሉም ነገር ከእጅህ እስኪወጣ መጠበቅ ነበረብህ? አዎ፣ ነበረብህ፤ ገብቶኛል፤ አልወደድኩትም እንጂ ገብቶኛል።

ደብዳቤህን ለጎመር ሰጠሁት። ስሙ ያለበት ቦታ ሲደርስ ቆመ። ሄዶ እጁን ታጠበና ተመልሶ ከመጀመሪያው አነበበው። ከዚያ ወጥቶ የዶሮ ቤቱን በር በማጠፊያ አበጀው፤ ችቦውንም ወደ ቤት አስገባው። እኔ ግን በግልጽ እነግርሃለሁ፦ መስኮቱን በተመለከተ ይቅር አላልኩህም። በአንድ ደብዳቤ የሚለቅ ነገር አይደለም። እዚህ ስትሆን በየቀኑ ጥቂት ጥቂት እያልኩ እነግርሃለሁ።

እዚህ ትመጣለህና። ለኢኖስ ሚስት ጽፌያለሁ፤ ሻንጣህን አሰናድታ ቅዳሜ ባቡር ላይ ታሳፍርሃለች። ያዘጋጀንልህ ክፍል ጠባብ ናት፤ ሾርባውም የእኔ ነው፤ እንዳትማረር።

አሁን የልጁን ነገር ልንገርህ። ሴት ናት ብለህ ራስህን ስታሞኝ ዝም ያልኩህ ሆን ብዬ ነው። ወንድ ነው። ስሙ በሸለቆው ወግ ምድጃ ላይ አይለጠፍም፤ ምድጃ የወንድ ስም አይሸከምም። አሳፍ ይባላል። አሳፍ ፕሮሰር።

አትኩራራ። ስሙን ያወጣለት ጎመር ነው። እኔ እምቢ ብዬ ነበር፤ ተጣልተንበታል፣ አልቅሼበታለሁ። «ስምህን ለማይጠራ ሰው ነው ልጃችንን የምትሰጠው?» ብዬዋለሁ። እሱ ግን «ብረት ሲፈስ ኮፍያውን የሚያወልቅ ጌታ ከእሱ ሌላ አላየሁም» አለኝ፤ በቃ፣ ሌላ ምክንያት አልነበረውም። ይህ የሆነው ከዚያ እሑድ በኋላ ነው፣ ከመለስከው በኋላ። አንተ የእሱን ስም ላለመጻፍ «ያ ሰውዬ» እያልክ ስትደክም፣ እሱ በየማታው በር ላይ ቆሞ የአንተን ስም እየጠራ ልጁን ወደ እራት ያስገባ ነበር።

ቅዳሜ ጎመር ልጁን ይዞ ጣቢያ ይጠብቅሃል። ልጁ ሰው ይፈራል፤ ስሙን ሲጠሩት ግን ይመጣል።

ልጅህ፣
ኬዝያ